እሙ ከድር የተባለችው ተከራይ

ሰው የራሱን የእጅ ጽሑፍ ከብዙ ዘመን በኋላ ድንገት ሲያየው፣ የጎረምሳነት ፎቶውን ያየ ያህል ነው የሚደነግጠው። ባለፈው ክረምት፣ ዝናቡ ጥቁሩን አፈር አቡክቶት ከቤት መውጣት በሚያስጠላበት ሰሞን፣ ከድር ጭቃ የያዘ ጫማውን በር ላይ አውልቆ ገባና አንድ ፎቶ ኮፒ ጉልበቴ ላይ አኖረልኝ። ከድር የትራክተር መለዋወጫ የሚሸጥ፣ ጢሙን ሽበት የጀማመረው የሰፈራችን ሰው ነው፤ እናቱ ከእኛ ቤት ሦስት በር አለፍ ብላ በቀበሌ ቤት ትኖራለች። መነጽሬን አድርጌ ሳየው ወረቀቱ የቤት ኪራይ ውል ነው፤ ፊደሉ አንድም ስርዝ ድልዝ ሳይኖርበት እንደ ዳዊት ተደርድሯል። የእኔ እጅ ነው። ምን እንደሚል እንኳ ሳላነብ፣ እንዲህ ያለ እጅ ዛሬ ከየት ይገኛል ብዬ ራሴን በራሴ አሞገስኩ። ከድር አልሳቀም። «እጁስ መልካም ነው አያ ሙሉዓለም» አለኝ፤ «እናቴን ከቤቷ ሊያስወጣት ሆነ እንጂ።»

መተማ ያስቀረችኝ ይህችው እጅ ናት። ከጎጃም የወረድኩት እንደ ማንኛውም የዘመኑ ጎረምሳ ሰሊጥ ለማጨድ ነበር፤ ቁምጣ ሱሪ፣ ኮንጎ ጫማ፣ ትከሻ ላይ ጣል የተደረገች ብርድ ልብስ፣ በዚያ ሙቀት ብርድ ልብስ ምን እንደሚያደርግልን እግዜር ይወቀው። ሳምንት ሳይሞላኝ ወባ ጣለችኝ። ጓደኞቼ ሲያጭዱ እኔ ራኩባ ውስጥ፣ ከማሽላ አገዳ በተሠራው ዳስ ማለቴ ነው፣ ጀርባዬን ሰጥቼ እንቀጠቀጥ ነበር። ሲለቀኝ ደግሞ ጉልበት ስላልነበረኝ ለጓደኞቼ ወደ አገር ቤት ደብዳቤ እጽፋለሁ። የቄስ ትምህርት ቤት የሰጠኝ እጅ ነበረኝና ደብዳቤዬ ሲነበብ ብቻ ሳይሆን ሲታይም ደስ ይል ነበር። ከደብዳቤዎቹ አንዱ የቀበሌው ሊቀ መንበር እጅ ገባ። ሰውየው አስጠራኝና ከእግር እስከ ራሴ አይቶ፣ እንዲህ ያለ እጅ ማጭድ አይያዝ አለ። በማግስቱ የቀበሌ ጸሐፊ ሆንኩ። አባቴ ቄስ ይሆናል ብሎ ሲጠብቀኝ እኔ ቆላ ወርጄ የቤት ኪራይ ተቀባይ ሆኜ ቀረሁ።

ያን ጊዜ መተማ ዮሐንስ እንዲህ የባጃጅ ጥሩምባ የሚያደነቁራት ከተማ አልነበረችም። መኪና ከጎንደር ሲመጣ አቧራው ከሩቅ ይታይና ሰው ሁሉ ማን እንደመጣ ለማየት ይወጣል። ኬላው አንድ ገመድ ነበር። ከገመዱ ማዶ ጋላባት፣ ከገመዱ ወዲህ እኛ፤ ፍየሎቹ ግን ጠዋት እዚያ ግጠው ማታ እዚህ ያድራሉ፣ ማንም ወረቀት አይጠይቃቸውም። ከኬላው ዝቅ ብሎ ባለው ኒም ዛፍ ሥር አንዲት ሴትዮ ወተት የገባበት ሻይ በትንንሽ ብርጭቆ ትሸጣለች፤ ዋጋው አሥራ አምስት ሳንቲም፣ ስኳሩ የሱዳን፣ ማንኪያው ሳይማሰል ቀጥ ብሎ የሚቆም እስኪመስል ድረስ የጣፈጠ። ባትሪው ሊያልቅ የተቃረበ ቴፕ የሱዳን ዘፈን እየጎተተ ያሰማናል፤ ቃሉ ባይገባንም አንገታችን ይወዛወዛል። ዶሮ በሁለት ብር፣ ሁለት ክፍል የቀበሌ ቤት በወር በስድስት ብር። ሴቶቹ የሚለብሱት ቶብ ደግሞ፣ ያ ከራስ እስከ እግር የሚጠመጠም ስስ ጨርቅ፣ ብርቱካኑ፣ ሰማያዊው፣ የሰሊጥ አበባ የመሰለው! ከደጋ ነጭ በነጭ ለብሶ ከሚኖር ሕዝብ መሀል ለመጣሁት ለእኔ፣ ገበያው ሁልጊዜ ሠርግ ይመስለኝ ነበር። ዛሬም ቶብ አለ፤ ግን ልጆቹ ጂንስ ይበልጥባቸዋል፣ እኔም ዓይኔ ደክሟል።

የቀበሌው ቢሮ አንድ ክፍል ነበር። ምስጥ ወረቀት እንዳይበላብን መደርደሪያው እግር ሥር ናፍጣ እናፈሳለን፤ ስለዚህ ማህደሩም፣ እኔም፣ ምሳዬም ናፍጣ ናፍጣ እንሸታለን። አንድ ቀን ጠዋት ሰማያዊ ቶብ የለበሰች ልጅ እግር ሴት ሕፃን አዝላ በር ላይ ቆመች። ባሏ ጋላባት ትንሽ ሱቅ የነበረው ሰው ነው፤ በወባ ሞቶባት ወደ ወገኖቿ መመለሷ ነበር። ይህን ያወቅሁት ግን በኋላ ነው። ያን ዕለት እኔ የማውቀው ሊቀ መንበሩ ሁለት ክፍል ቤት እንደፈቀደላትና ውል መጻፍ እንዳለብኝ ብቻ ነው። ብዕሬን ቀለም ነክሬ፣ ቀና ሳልል፣ ስም አልኩ። ዝም አለች። ደግሜ ስም አልኩ። በቶቧ ጫፍ አፏን ሸፍና በቀጭን ድምፅ «ኡሙ ኸድር» አለች። እኔ ጎጃሜው «እሙ ከድር» ብዬ ሰማሁ። እሙ ስሟ፣ ከድር አባቷ፤ ከዚህ የቀለለ ስም ከየት ይመጣል። አሳምሬ ጻፍኩት። ያገባሽ ነሽ ወይ ስላት አንገቷን ደፋች፤ አይናፋርነት መስሎኝ በቦታው ሰረዝ አድርጌ አለፍኩ። በሐምራዊ ቀለም አውራ ጣቷን አስነክሬ አስፈረምኳትና ቁልፉን ሰጠኋት።

በዚህ አገር ሙስሊሞች ዘንድ ሴት የበኩር ልጇን ከወለደች በኋላ የምትጠራው በልጇ ስም ነው፤ ኡሙ ማለት እናት ማለት ነው። በተለይ ባሏ የሞተባት ወጣት ሴት በማታውቀው ወንድ ፊት ስሟን አውጥታ መናገር ያሳፍራታል። ይህን ሁሉ ከጎረቤቶቼ ጋር አብሬ በልቼ፣ አብሬ ለቅሶ ደርሼ፣ ዓመታት ቆይቼ ተማርኩት። ግን መማሬና ያንን ማህደር ማስታወሴ አልተገናኙም። ተከራዮቹ ኪራይ ለመክፈል ተሰልፈው ሲጠብቁ እኔ ከመስኮቱ አንገቴን አውጥቼ «እሙ!» ብዬ መጣራቴን አልተውኩም። እሙ ደግሞ በእኛ ዘንድ ሰው የሚወዳትን የሚያቆላምጥበት ስም ነው። ባለቤቴ ብርቄ አዲስ ሙሽራ ሳለች ምሳ ይዛልኝ መጥታ ይህን ሰማች። ምሳውን ይዛው ተመለሰች። ሦስት ቀን ሙሉ «እሙህ ታብላህ» እያለች አስርባኝ ነበር፤ የሴትየዋ ስም እኮ ነው ብል ማን ይስማኝ።

ታዲያ ከድር ያመጣው ወረቀት ነገሩን ሁሉ አፈረጠው። በከተማው የመንግሥት ቤቶች እንደ አዲስ ተመዝግበው ነበርና አንድ ወጣት የማዘጋጃ ቤት ባለሙያ ማህደር ይዞ ቤት ለቤት ዞረ። ልጁ ደህና ልጅ ነው፣ ሥራውን ነው የሠራው። ማህደሩ ላይ ተከራይዋ እሙ ከድር ናት፤ ቤት ውስጥ ያገኛት ሴት መታወቂያዋ ዘይነብ አሕመድ ይላል። እሙ ከድር የት ሄደች? ቤቱን ለሦስተኛ ወገን አስተላልፋ ጠፍታለች ማለት ነው፣ ሕጉ ደግሞ እንዲህ ያለውን ውል ያፈርሳል። የማስለቀቂያ ደብዳቤ መጣ፤ አልወጣም ስትል ክስ ሆነ። ከድር የእናቴ ቤት ነው፣ እኔም ያደግሁበት ነው ብሎ ቢከራከር፣ ውሉን ገልብጠው አሳዩት። በውሉ መሠረት ከድር የተከራይዋ አባት ነው። «ሕፃን ሆኜ አዝላኝ የመጣችውን እናቴን እኔው ነኝ የወለድኳት» አለኝ፤ ሳቅም ለቅሶም ባልሆነ ድምፅ። ከማዶ ከሱዳን ጦርነት በሸሸው ሰው ብዛት ዛሬ እዚህ ከተማ አንዲት ክፍል በሺዎች ነው የምትከራየው። ያቺ ሴት ያንን ቤት ከለቀቀች መግቢያ የላትም።

እንድመሰክርላት ነው የመጣው። እውነቱን ለመናገር ወዲያው እሺ አላልኩትም። አያ ጸሐፊ እየተባልኩ፣ ስህተት የማያውቀው ጸሐፊ እየተባልኩ ነው ጡረታ የወጣሁት። አሁን ሰባ ዓመት አልፎኝ አደባባይ ላይ፣ ያ የተመሰገነው እጄ እናትና ልጅን ገልብጦ ጻፈ ብዬ ልናዘዝ? ብርቄ ደግሞ ሰምታ «ያችን እሙህን ዛሬም አልተውካትም?» ብላ ወደ ጓዳ ገባች፤ መቆጣቷ ይሁን መቀለዷ ፊቷ አይታየኝም። ላስብበት ብዬ ከድርን ሸኘሁት።

በማግስቱ ሴትየዋን ለማየት ሄድኩ። ውጪ ያለው ራኩባዋ ያው ነው፤ የገመድ አልጋዋ ግን ተጣጥፎ ግድግዳ ተደግፏል። የቆርቆሮ ሳጥኗ ተቆልፎ በር አጠገብ ተቀምጧል፤ ምንጣፉም ተጠቅልሎ በላዩ ላይ ታስሯል። ልትሄጂ ነው ወይ አልኳት። «የለም» አለች፤ «ፖሊስ መጥቶ ዕቃዬን መንገድ ላይ ከሚበትነው እኔው ሰብሰብ አድርጌ ልጠብቅ ብዬ ነው። ይቀመጡ አያ ጸሐፊ።» የምቀመጥበትን በርጩማ እንኳ ከሳጥኑ ኋላ ፈልጋ ስባ አወጣችልኝ። ስንት ክረምት ምስጥ የበላውን ምሰሶ ስትቀይር፣ ስታስመርግ፣ ቆርቆሮ ስታስመታ ያየሁት ቤት ነው። አንድም ቀን ስሜን ለምን አበላሸህ አላለችኝም። ያፈላችልኝን ሻይ ጠጥቼ ስነሳ፣ ክብሬ ገደል ይግባ አልኩ በልቤ።

የክሱ ቀን ሚኒባስ ተሳፍረን ወደ ወረዳው ከተማ፣ ወደ ሸሕዲ ሄድን፤ ችሎቱ የሚሰየመው እዚያ ነው። መናኸሪያው አጠገብ የቀን ሠራተኞች እንደ ድሮው ተኮልኩለው ቀጣሪ ይጠብቃሉ። አንዱ ጓደኛውን ሲጠራ የአገሬን ቅላፄ ሰማሁና ቆምኩ። ዛሬ ቁምጣ አይለብሱም፣ ሁሉም ስልክ ይዘዋል፤ ብርድ ልብሱ ግን አሁንም ትከሻቸው ላይ ነው። ከየት ነህ፣ ከየት ነህ እያልኩ ስጠያይቅ ከድር እጄን ይዞ ባይጎትተኝ ኖሮ ምስክርነቱም በቀረ።

ዳኛዋ ወጣት ሴት ናት፣ ከደጋ የመጣች። ቃለ መሐላ አስፈጽማ ወረቀቱን አሳየችኝና ጽሑፉ የእርስዎ ነው ወይ አለችኝ። የእኔ ነው አልኩ፣ ትንሽ ኩራትም ሳይጨመርበት አልቀረም። ቀጠለች።

«እሙ ከድር የተባለችውን ተከራይ ያውቋታል?»

«አላውቃትም። እንዲህ የምትባል ሴት መተማ ኖራ አታውቅም። እኔ ነኝ በብዕር የወለድኳት።»

ችሎቱ ሳቀ። የከሳሽ ነገረ ፈጅ ግን አልሳቀም፤ ብድግ አለና፣ እንግዲህ ምስክሩ ራሳቸው እንዳሉት ሴትየዋ የለችም፣ የሌለ ሰው ደግሞ ውል አይዋዋልም፣ ስለዚህ ውሉ ከመነሻውም ፈራሽ ነው አለ። ሊኩሏት ዓይኗን አጠፏት እንደሚባለው ላድናት መጥቼ ጨረስኳት። ወደ ዘይነብ ዞር ብል ቶቧን ግንባሯ ድረስ ስባ መሬት መሬት ታያለች። አፌ እንዳመጣልኝ «የተከበሩ ዳኛ፣ ሴትዮዋማ ነበረች። ያልነበረው ስሙ ነው» አልኩ።

ዳኛዋ ብዕሯን አስቀመጠች። እስኪ ያስረዱኝ አለችኝ። ከናፍጣው ጀምሬ ሁሉንም ነገርኳት፤ አንገት መድፋቷን፣ ሰረዝ ማድረጌን፣ ቀና ብዬ እንኳ አለማየቴን። ቀጥለው የገቡት የጨርቅ ነጋዴው ሐጂ ሙሳ ነበሩ፤ እሳቸውን ኡሙ ምን ማለት እንደሆነ ጠየቀቻቸው። እናት ማለት ነው አሉ፤ ከዚያም ነገሩ እንዲገባት ብለው «እኔንም አገሩ ሁሉ አቡ ሐሊማ ነው የሚለኝ፣ የሐሊማ አባት ማለት ነው። እኚህ ሰውዬ ጸሐፊዬ ቢሆኑ ኖሮ ሐሊማ አባቴ ሆና ትቀር ነበር» አሉ። ነገረ ፈጁም በዚህ ጊዜ ሳቁን መያዝ አቃተው። ውሉ ላይ ያለው ሐምራዊ አሻራ እንዲመረመር ታዘዘ፤ ከዘይነብ አውራ ጣት ጋር አንድ ሆኖ ተገኘ። በሌላ ቀጠሮ ተነበበልን፦ እሙ ከድርና ዘይነብ አሕመድ አንድ ሰው ናቸው፣ የማስለቀቂያው ደብዳቤ ተሽሯል፣ ውሉም ተስተካክሎ ይጻፍ። ዘይነብ ምን አሉ ብላ ጠየቀችኝ፤ ኖርሽበት አልኳት።

ክብሬ ገደል ይግባ ያልኩት ነገር ገደልም አልገባ። መተማ ስመለስ ጭራሽ ተወዳጅ ሆንኩ። ሰው ሁሉ የድሮ ማህደሩን ፎቶ ኮፒ እያስነሳ ለእኔስ ምን ብለህ ጽፈህብኛል እያለ በሬን ያንኳኳል። እስካሁን አንድ በወረቀት የአባቱ አጎት የሆነ ሰውና ሁለት በስም የተቀያየሩ ወንድማማቾች አግኝተናል። ብርቄም ደጅ ላይ ተቀምጣ ባለጉዳይ ታስተናግዳለች፤ ከሁሉም በላይ የእሙ ነገር በፍርድ ቤት ተጣርቶ ነፃ መውጣቴ ሳያስደስታት አልቀረም። እኔም ብሆን በጡረታዬ እንዲህ ያለ ሥራ ይመጣልኛል ብዬ አላሰብኩም ነበር።

አዲሱ ውል የተፈረመ ዕለት አብሬያት ሄድኩ። ያው ወጣት ባለሙያ ነው፣ ወንበር ስቦ አስቀመጠን። የዛሬው በኮምፒዩተር ነው፣ እጅ የሚባል ነገር የለም። ሙሉ ስምዎን ሲላት ቶቧን ከአፏ ላይ አንስታ፣ ዘይነብ አሕመድ ብላ ተናገረች። የቤተሰብ አባል አለ ወይ ሲላት ከድር አለችው። ምንዎ ነው አለ ልጁ፣ ፈገግ ብሎ፣ ከድር ቆሞ እያየ። ልጄ ብለህ ጻፍ አለችው። በአውራ ጣቷ አልፈረመችም፤ የልጅ ልጆቿ ስሟን መጻፍ አስተምረዋታል፣ አምስት ደቂቃ ፈጅቶባትም ቢሆን ጻፈችው። ፊደሏ ያዘነበለ ነው። የእኔ እጅ እንደዚያ ወረቀት ላይ ያማረ ነገር ጽፎ አያውቅም።

ከድር ወደ ሱቁ ሄደ፤ እኔ ባጃጅ እንያዝ ብላት በእግሬ ልሂድ አለች። በድሮው ኬላ በኩል ዞረን ቀስ እያልን ወጣን። መንገዱ ላይ ቆም አለችና አንድ ነገር ልንገርዎት አለችኝ። የስሟን መበላሸት ታውቅ ኖሯል። ከድር ሦስተኛ ክፍል ሳለ የኪራይ ደረሰኙን አንብቦላት፣ እማ፣ እዚህ ላይ የእኔ ልጅ ነሽ ይላል ብሎ ስቆባት ነበር። ታዲያ በየወሩ እየመጣሽ ምነው ሳትነግሪኝ ብላት መሬት መሬት አየች።

«ፈራሁዎት» አለች። «ላስተካክል ብዬ ብመጣ ባልሽ የታለ ይሉኛል፣ ከዚያ ቤቱን ይነሱኛል ብዬ። በመስኮቱ ስሜን ሲጠሩ፣ ዛሬ አወቁብኝ እል ነበር።»

እኔ እኮ ያን ሁሉ ዘመን ደጉ ጸሐፊ ነኝ ብዬ ነበር የኖርኩት። በመስኮቱ ብቅ ብዬ ስጠራት፣ ሰልፉ ሲስቅ፣ እኔም ስስቅ፣ እሷ ሁለት ክፍል ቤትና አንድ ልጅ በልቧ ይዛ ትሰለፍ ኖሯል። አፈርኩ፤ ችሎት ፊት ያላፈርኩትን ያህል አፈርኩ። ይቅር በይኝ ማለቱ እንኳ አንሶ ታየኝ። በሯ ጋ ስንደርስ ግን አላስችል አለኝ፣ ዛሬስ ትፈሪኛለሽ ወይ አልኳት።

ቁልፉን ከቶቧ ጫፍ እየፈታች ቀና ብላ አየችኝና ጥርሷ ታየ። «ዛሬማ ጡረታ ወጥተሃል፣ ቤቱም በስሜ ነው» አለችኝ። «ምንህን ልፍራ፣ ሙሉዓለም?»

በዚያ ሁሉ ዓመት አንተ ስትለኝ የመጀመሪያዋ ነበር።